የማሊያ ጀርባ ላይ ስም በአማርኛ ፊደል ማስገባት (ፔስ 2013 በፒሲኤስኤክስ 2)፣ ፊደሉ ለምን ይወፍርብኛል?

ኮዬ_ጌም_ቤት

ሰላም ለሁላችሁ። ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ትንሽ የፕሌይስቴሽን ቤት አለችኝ። ሁለት ፒኤስ 2 ነበሩኝ፣ የአንዱ ሌንስ ዲስክ ማንበብ ካቆመ ቆየ፣ ሌላውም ትንሽ ሲሞቅ ቀጥ ይላል፣ ስለዚህ አንድ ያገለገለ ላፕቶፕ ገዝቼ ከቲቪው ጋር በኤችዲኤምአይ አያይዤው አሁን ኮምፒውተርን እንደ ፒኤስ 2 በሚያሰራው በፒሲኤስኤክስ 2 ፕሮግራም ነው የማጫውተው። ባዮሱን (የማሽኑን ማስነሻ ሶፍትዌር) ያወጣሁት ከራሴ ፒኤስ 2 ነው፣ የኳስ ጌሙ ፔስ 2013ም ዲስኩ እጄ ላይ አለ፣ ፍጥነቱ ላይ ምንም ችግር የለብኝም።

የያዝኩት ስራ ይሄ ነው። እኔ ጋ የሚመጡት ልጆች አብዛኞቹ 2005 ዓ.ም ላይ አልተወለዱም። ዋልያዎቹ ከ31 ዓመት በኋላ አፍሪካ ዋንጫ ገቡ፣ በቃና ዘገሊላ ማግስት ጥር 13 ደቡብ አፍሪካ ላይ ከዛምቢያ ጋር ተጫወቱ፣ ዛምቢያ ማለት ያኔ ዋንጫውን የያዘችው አገር፣ በረኛው ጀማል በቀይ ወጥቶ በ10 ሰው አዳነ ግርማ አግብቶ 1 ለ 1 ወጣን ስላቸው እንደ ተረት ነው የሚሰሙኝ። እኔ ያንን ጎል ቆሜ ነው ያየሁት፣ አጠገቤ የነበሩ የማላውቃቸው ሰውዬ እቅፍ አርገው አንስተውኛል። ኢትዮጵያ ደግሞ ጌሙ ውስጥ የለችም። ስለዚህ ማንም የማይመርጠውን አንድ ብሔራዊ ቡድን ወደ ዋልያ ልቀይረው ነው፣ ማሊያው አረንጓዴ፣ ከጀርባ ስማቸው በኛው ፊደል። ላቲን ላቲኑን ለምዶ ለሚያድግ ልጅ ሳላዲን የሚለውን በአማርኛ ጀርባ ላይ ማንበቡ ለኔ ትልቅ ነገር ነው።

ግራፊክስ ውስጥ ገብቼ ደምፕ ቴክስቸርስ የሚለውን (የጌሙን ምስሎች ኮምፒውተሩ ላይ አውጥቶ የሚያስቀምጠውን) አብርቼ አንድ ጨዋታ ተጫወትኩ፣ የጌሙ ቁጥር ባለው ፎልደር ውስጥ ደምፕስ የሚል ፎልደር ሞላልኝ፣ ማሊያውንም አገኘሁት የጀርባውን ፊደልም ለብቻው ከኤ እስከ ዜድ ተደርድሮ በአንድ ምስል አገኘሁት። ግን ምስሎቹ ሁሉ የፈዘዙ ናቸው ከኋላቸው ያለው ያሳያል። ተበላሽተው ነው ብዬ ፎቶሾፕ ላይ ድፍን አድርጌ የኛን ፊደል በቦታቸው ስዬ ሪፕሌስመንትስ ውስጥ ከተትኩ፣ ሎድ ቴክስቸርስ አበራሁ፣ ገባልኝ። ሲታይ ግን ጠርዙ እንደ መጋዝ ነው፣ ፊደሉ ወፍሮ ዲ እና ዳ አይለዩም፣ እኔ የሰጠሁት ማር የመሰለ ቢጫ ሆኖ እሱ የሚያወጣው የሚያንጸባርቅ ሎሚ ቢጫ ነው። ይሄ አንድ።

ሁለተኛው፣ ቦታው 26 ነው፣ የመረጥኳቸው 11 ስሞች ግን 27 ፊደል ይፈልጋሉ። ሳላዲን፣ አዳነ፣ ጌታነህ፣ ሽመልስ፣ ጀማል፣ ደጉ፣ ስዩም፣ አበባው፣ አስራት፣ ምንያህል፣ አሉላ። ሦስት ጊዜ ቆጥሬዋለሁ፣ አንድ ይበልጣል።

ሦስተኛ ደሞ ማታ ስም አስተካክዬ ሴቭ አድርጌ ጠዋት ስከፍተው አንዳንዴ የድሮው ስም ተመልሶ አገኘዋለሁ። የሚያውቅ ካለ ይርዳኝ።

ሰበታ_ሞደር

ብሮ የመጀመሪያው አልፋው ነው፣ ማለትም የምስሉ የድፍንነት መጠን፣ እኔም ሁለት ቀን በልቶብኛል። ፒኤስ 2 ላይ 128 ማለት ሙሉ ድፍን ማለት ነው፣ እንደ ኮምፒውተሩ 255 አይደለም። ፒሲኤስኤክስ 2 ደምፕ ሲያደርግ ቁጥሩን ሳይነካ እንዳለ ነው ፒኤንጂው ላይ የሚያስቀምጠው፣ ለዛ ነው ስትከፍተው ውሃ የበዛበት ሻይ የሚመስለው። አልተበላሸም፣ እንደዛ ነው መሆን ያለበት።

አንተ 255 ስታደርገው ምን ይሆናል መሰለህ፣ ጌሙ የፊደሉን ቀለም ማሊያው ላይ ሲደርብ አልፋውን ለ128 ነው የሚያካፍለው፣ ስለዚህ ሁለት እጥፍ ይሆንበታል። ማር መሳዩ ቢጫህ ከልኩ አልፎ ሎሚ የሚሆነው በዚህ ነው። ጠርዙም እንዲሁ፣ ፊደል ጠርዙ ላይ ለስላሳ የሚመስለው ግማሽ ግማሽ ድፍን የሆኑ ነጥቦች ስላሉት ነው፣ እነሱ እጥፍ ሲሆኑ ሙሉ ይሆናሉ፣ ፊደሉ ይወፍራል ለስላሳነቱም ይጠፋል፣ የኛ ፊደል ደግሞ ልዩነቱ ያለው እዛች ቅጥያ ላይ ስለሆነ ከላቲን ይልቅ ቶሎ ይጎዳል።

መፍትሄው ቀላል ነው። ፎቶሾፕ ላይ እንደፈለግክ በድፍን ስራው፣ ስትጨርስ የፊደሉን ሌየር በሙሉ ኦፓሲቲውን 50 ፐርሰንት አድርገህ ከስሩ ምንም ሌየር ሳይኖር ፒኤንጂ አውጣው። ማሊያውንም እንደዛው። የፋይሉን ስም እንዳትነካ፣ ያ ረጅም ቁጥርና ፊደል ምስሉን የሚያውቅበት ነው፣ አንድ ፊደል ብትቀይር አያነሳውም። መጠኑን ማሳደግ ትችላለህ፣ ግን በሁለቱም በኩል እኩል፣ ወይ እጥፍ ወይ አራት እጥፍ። አማርኛ ከሆነ እኔ አራት እጥፍ ነው የምመክርህ፣ በዋናው መጠን ው እና ዉ የመለየት ነገር አይታሰብም።

አንድ ነገር ልጨምር፣ የሜዳና የሜዳ ውጪ ማሊያ የፊደሉ ቅርጽ አንድ ሆኖ የቀለም ሰንጠረዡ ከተለየ ሁለት የተለያየ ስም ያለው ፋይል ነው የሚያወጣው። ስለዚህ በሁለቱም ማሊያ ተጫውተህ ደምፕ አድርግ፣ አለበለዚያ በነጩ ማሊያ ስትገባ ላቲኑ ተመልሶ ሳላዲን ትርጉም የሌለው ኤቢሲዲ ይሆንብሃል። ሲያልቅ ደምፑን አጥፋው፣ ማሽኑን በከንቱ ያደክማል።

ቱሉዲምቱ_77

ወንድሜ የሦስተኛውን እኔ ልመልስልህ። ጠዋት ስትከፍት ሴቭ ስቴት ለማምጣት ኤፍ 3 ነው የምትጫነው አይደል? ማስታወቂያውንና መግቢያውን ለመዝለል ሁሉም ሰው እንደዛ ነው የሚያደርገው። ሴቭ ስቴት ማለት ግን የጌሙ ሴቭ አይደለም፣ ያኔ ኤፍ 1 ስትጫን የፒኤስ 2ው ሜሞሪ ውስጥ የነበረውን በሙሉ፣ 32 ሜጋባይቱን፣ እንዳለ ፎቶ ማንሳት ነው። ስሙን ከመቀየርህ በፊት ያነሳኸውን ስታመጣ የድሮው ስም አብሮ ይመጣል። ይባስ ብሎ ከዛ በኋላ ኤዲት ሞድ (የጌሙ ተጫዋች ማስተካከያ) ውስጥ ገብተህ ሴቭ ካልክ የድሮውን ሜሞሪ ካርዱ ላይ ትገለብጠዋለህ፣ ያኔ የሰራኸው በሙሉ ሄደ።

ኤፍ 3ን ለዚህ ጌም እርሳው። ሁልጊዜ ከዜሮ አስነሳው፣ ያስተካከልከው የተቀመጠበትን ኦፕሽን ፋይል ከሜሞሪ ካርዱ ይጫን። ሜሞሪ ካርዱ ደግሞ ኮምፒውተሩ ላይ 8 ሜጋ የምታህል አንድ ፋይል ነች፣ ማታ ማታ ፍላሽ ላይ ኮፒ አድርጋት። ለምን እንደምልህ፣ እኔ ሰፈር ባለፈው ክረምት ልክ ሴቭ እያደረገ ሳለ መብራት ሄደብኝና ካርዱ ተበላሸ፣ የሦስት ሳምንት ስራ ነበር፣ ኮፒ አልነበረኝም። ላፕቶፑ ባትሪው የሚሰራ ከሆነ ይሻልሃል፣ ያገለገለ ከሆነ ግን ባትሪውን አትመነው።

በነገራችን ላይ ጉልበቱን፣ ፍጥነቱን፣ ጸጉሩን፣ ቁመቱን ኤዲት ሞድ ውስጥ ጨርሰው፣ በቴክስቸር ምንም አትነካካ። ቴክስቸር የምትፈልገው ኤዲት ሞዱ ለማይችለው ብቻ ነው፣ ይኸውም ፊደሉና ማሊያው።

ለገጣፎ_ግራፊክስ

ሰላም፣ እኔ ስራዬ ፊደል ነው፣ ማስታወቂያና ባነር ነው የምሰራው፣ ጥያቄህን ሳየው ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም። ስሞቹን ቁጭ ብዬ ቆጠርኳቸው፣ እውነትህን ነው 27 ናቸው። ግን ደጉን በአባቱ ስም ደበበ ብለህ ብትጽፈው ጉ ትወጣለች፣ ደ እና በ ደግሞ ቀድሞም አሉህ፣ ልክ 26 ይሆናል።

የትኛውን ፊደል በየትኛው ቦታ እንደምታስቀምጥ ደግሞ አስብበት፣ በሀ ግዕዝ ተራ ዝም ብለህ አትደርድር። ጌሙ ለእያንዳንዱ የላቲን ፊደል የራሱ ስፋት ሰጥቶታል፣ አይ ጠባብ ነው፣ ኤም እና ደብልዩ ሰፊ ናቸው። ስለዚህ በአይ ቦታ ን ወይ ት አስገባ፣ በኤም እና በደብልዩ ቦታ መ እና ሽ። መን በአይ ላይ ካስቀመጥካት ጎንና ጎኗ ተቆርጦ ነው የምትወጣው። ወረቀት ላይ ሰንጠረዥ ስራ፣ በግራ ላቲን በቀኝ አማርኛ፣ ከዛ ኤዲት ሞድ ላይ የማሊያ ስም የሚለው ላይ ብቻ የኮዱን ፊደላት ጻፍ፣ የተጫዋቹን ዋና ስም እንዳትነካው፣ እሱ በሜኑው ፊደል ነው የሚታየው። ሜኑው ላይ ሳላዲን በላቲን ይቅር፣ ጀርባው ላይ በአማርኛ ይውጣ።

የፊደሉን ዓይነት በተመለከተ ደግሞ ኮምፒውተር ላይ ያለውን ቀጭኑን አትጠቀም። ካሜራው ከሩቅ ነው የሚያሳየው። ወፍራምና ቀጥ ያለ ምረጥ፣ የራብዕና የሣልስ እግርና ቅጥያውን በእጅህ ትንሽ አስረዝመው፣ የዲ ቅጥያ ከልኩ ትንሽ ወጣ ብትል ከሩቅ ልክ ሆና ነው የምትታየው። እኔ ባነር ላይም እንደዛ ነው የማደርገው።

ኮዬ_ጌም_ቤት

እግዚአብሔር ይስጥልኝ ሁላችሁም። ሰበታ 50 ፐርሰንቱ ሰራ፣ ማሩ ማር ሆነ። ቱሉ ዲምቱ ኤፍ 3 ያልከውም ልክ ነው፣ እኔ ሳላውቅ በየቀኑ የራሴን ስራ ስሰርዝ ነበር፣ አሁን ካርዱን ፍላሽ ላይ ገልብጫለሁ።

እህቴ የደጉን ነገር ግን አልቻልኩም። ደበበ አባቱ ናቸው፣ ሰው በአባቱ ስም አይጠራም፣ ሜዳ ላይ ደጉ ነው ሲባል የነበረው፣ ልጆቹ ደበበ ማነው ቢሉኝ ምን እላለሁ? ሌላ መንገድ የለም?

ለገጣፎ_ግራፊክስ

ልክ ነህ፣ እኔ ቁጥሩን ብቻ ነው ያየሁት። ምስሉን አስፍተህ ከዜድ በኋላ ያለውን ተመልከት። ስም ሲያሳጥሩ የሚጠቀሙባት ነጥብ ወይ ሰረዝ መኖር አለባት፣ እሷም አንድ ቦታ ነች። ጠባብ ነው የምትሆነው፣ ስለዚህ ከ26ቱ ቀጭኗን ወደዛ አውርደህ የእሷን ቦታ ለጉ ስጣት።

ኮዬ_ጌም_ቤት

አለች! ከዜድ ቀጥሎ ነጥብም ሰረዝም አለ። ትን ነጥቧ ላይ አወረድኳት፣ አስራትና ጌታነህ አይተው እንዳይከፋቸው ደህና አድርጌ አስተካክያታለሁ፣ ጉ ደግሞ ት የነበረችበት ቦታ ላይ ገባች። ቆይ ታ እና ት ሌላ ናቸው፣ ጌታነህ ውስጥ ያለችው ታ ነች፣ ት ያለችው አስራት ላይ ብቻ ነው፣ እሱም መጨረሻ ላይ ስለሆነች ብትጠብም አትነካም። ደጉ ደጉ ሆኖ ቀረ።

ትናንት ማታ ለመጀመሪያ ጊዜ አስጫወትኳቸው። የብሎካችን አንድ ልጅ፣ ሦስተኛ ክፍል ነው፣ ጎል አግብቶ ሪፕሌዩ ሲመጣ ካሜራው ከኋላ ዞረና ጆይስቲኩን ጭኑ ላይ አስቀምጦ በጣቱ ቲቪው ላይ እየጠቆመ ሳ፣ ላ፣ ዲ፣ ን ብሎ አነበበው። ከዛ ዞሮ ሳላዲን ማነው አለኝ። ከኋላ ተራ የሚጠብቁት ሁሉ ዝም አሉ መልሱን ለመስማት። የተሸነፈው ይከፍላል ነው ህጋችን፣ ትናንት ግን ማንንም አላስከፈልኩም።

ሰበታ_ሞደር

ይሄ ነገር ለኛም ይምጣ እንጂ ብሮ። ላክልን።

ኮዬ_ጌም_ቤት

እልካለሁ፣ ግን ሪፕሌስመንትስ ፎልደሩንና የፊደል ሰንጠረዡን ብቻ ነው። የዲስኩን ቅጂ አይኤስኦውንና ባዮሱን አትጠይቁኝ፣ እሱን እያንዳንዱ ከራሱ ዲስክና ከራሱ ማሽን ያውጣ፣ ደግሞም 4 ጂቢ በዳታ ማን ይጭነዋል። ምስሎቹ ከጥቂት ሜጋ አይበልጡም። የዲስካችሁ ቁጥር ከኔ ጋር አንድ መሆኑን እዩ፣ ኤስኤልኢኤስ ብሎ የሚጀምረው፣ ያ ከተለየ የፎልደሩን ስም በናንተ ቁጥር ቀይሩትና ሞክሩ፣ ምስሎቹ አንድ ከሆኑ ያነሳዋል።

አንድ የቀረኝ አለ፣ አበባው ላይ ው ከባ ጋር ትንሽ ትነካካለች። እህቴ ጊዜ ካለሽ ምስሉን ልላክልሽና እያት።

ለገጣፎ_ግራፊክስ

ላከው፣ ዛሬ ማታ አየዋለሁ። ው ያለችበትን የላቲን ፊደልም ንገረኝ።