አንገቴን ጠምዝዞ ቋ ያድርገው ወይስ ይቅርብኝ?

የአሌክሳንድሪያው ሹፌር፦ ሰላም ወገኖች። ቨርጂኒያ ውስጥ ታክሲ ስነዳ 11 ዓመቴ ነው። ከአምስት ቀን ወዲህ የግራ አንገቴ ተይዞ፣ የጎን መስታወት ለማየት እንኳ ከነትከሻዬ ነው የምዞረው። ባልደረባዬ «አጥንትና መገጣጠሚያ በእጁ የሚያስተካክለው ካይሮፕራክተር ጋ ሂድ፣ አንዴ ቋ ሲያደርግልህ ትገላገላለህ» ይለኛል። ባለቤቴ በጭራሽ አለች። የሞከረ አለ?

ነርሷ፦ ወንድሜ፣ ባለቤትህን ስማት። ለአንጎል ደም ከሚያደርሱት ቧንቧዎች ሁለቱ የሚያልፉት በአንገት አጥንቶች ቀዳዳ ውስጥ ነው። አንገት በድንገት ሲጠመዘዝ የቧንቧው የውስጥ ግድግዳ ሊሰነጠቅ ይችላል፤ እዚያ የረጋ ደም ወደ አንጎል ከሄደ ስትሮክ ነው። ብዙ ጊዜ አይደርስም። እኔ ግን አንዲት የ38 ዓመት እናት አስታምሜአለሁ። አንገቷን ባስጠመዘዘች በሁለተኛው ቀን ውሃ መዋጥ አቅቷት በአፍንጫዋ ይመለስ ነበር። ያንን ካየሁ ወዲህ ማንም አንገቴን እንዲነካ አልፈቅድም።

የጎንደር ልጅ፦ እኔን ወገቤን አሽተውኝ ተሽሎኛል። አንገት ግን ሌላ ነው፤ አገር ቤትም ለወጌሻ አልሰጥም።

የአሌክሳንድሪያው ሹፌር፦ እህቴ፣ ከትናንት ጀምሮ ከግራ ጆሮዬ ኋላ ኃይለኛ ራስ ምታት አለብኝ፤ ስነሳም ያዞረኛል።

ነርሷ፦ እሱን መጀመሪያ ብትነግረን! ቧንቧው ማንም ሳይነካህ ተሰንጥቆ ሊሆን ይችላል፣ ሕመሙም እንደ ተራ የአንገት ሕመም ነው የሚጀምረው። አሁኑኑ 911 ደውል፣ መኪና እንዳትነዳ። «አንገትና ራሴን ያመኛል፣ ያዞረኛል» በላቸው።

የአሌክሳንድሪያው ሹፌር፦ ደውያለሁ። ባለቤቴ አጠገቤ ናት።