እርዳታ፦ የድሮ የታሚል ዜና ከባሚኒ ፎንት ወደ ዩኒኮድ ሲቀየር «አው» ይበላሻል

ሰላም ለሁላችሁ። በቶሮንቶና በለንደን ላሉ የስሪላንካ ታሚሎች የተሠራ የዜና ድረ ገጽ ማኅደር ወደ ዩኒኮድ (ለየቋንቋው ፊደል የራሱን ኮድ ወደሚሰጠው ዓለም አቀፍ ሥርዓት) እየቀየርን ነው። ጽሑፉ በባሚኒ ፎንት (የታሚል ፊደላትን በእንግሊዝኛ ፊደላት ኮድ ላይ በሚያስቀምጥ የድሮ ፎንት) ስለሆነ ፎንቱ ሲነሳ «ታሚል» የሚለው ቃል ጄ፣ ኬ፣ ፒ፣ ኦ እና ሴሚኮለን ሆኖ ይቀራል፤ ፍለጋ አያገኘውም። የሚያሳስበን በተለይ የሐዘን ማስታወቂያው ነው። ሟቹ የተወለደበት የጃፍና (ሰሜን ስሪላንካ) መንደርና የኖረበት አገር አብረው ይጻፋሉ፤ ውጭ የተወለዱ የልጅ ልጆች ዘራቸውን የሚፈልጉት እዚያ ነው።

የ«ኤ» ምልክት በባሚኒ ከተነባቢው በፊት፣ በዩኒኮድ በኋላ ይቀመጣል። ረጅሙን ጥምር (ተነባቢውን ከግራና ከቀኝ ምልክቶቹ ጋር) አስቀድመን በመተካት ፈታነው (ነጠላው ከቀደመ «ኦ» ለሁለት ይሰነጠቃል)። ያስቸገረን የ«አው» ምልክት ነው፤ ግራ ግማሹ የ«ኤ» ምልክት ሲሆን ቀኝ ግማሹና «ላ» ፊደል አንድ ቁልፍ ናቸው። ቀጥሎ ነጥብ (አናባቢ እንደሌለ የሚያሳይ ምልክት) ወይም የአናባቢ ምልክት ካለ ፊደል መሆኑ ይታወቃል። ምንም ምልክት ካልተከተለው ግን «ጋውራቫም» (ክብር) «ጌላራቫም» ሆኖ ይወጣል። ከመዝገበ ቃላት ሌላ መለያ አለ?

ደግሞ የፎንት ታጎቹ (የትኛው ቃል በየትኛው ፎንት እንደተጻፈ የሚያመለክቱት) ዳታቤዝ ሲገቡ ስለጠፉ የእንግሊዝኛ ስሞችም ወደ ትርጉም የለሽ ታሚል ይለወጣሉ። የድሮ አማርኛ ፎንት የቀየራችሁ፣ እንዴት ለያችሁት?