ታዞ የተሸነፈ ታጋይ «ፓህላቫን» ይባላል?

የሜዳው ሰው፦
የዛሬው ጥያቄዬ ከኢራን ነው። ዓመቶቹን ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ያዙልኝ።

ኅዳር 2017፣ ፖላንድ፣ ቢድጎሽች ከተማ። ከ23 ዓመት በታች የዓለም የትግል ሻምፒዮና ነው። አሊሬዛ ካሪሚ የሚባል የኢራን ልጅ ሩሲያዊውን አሊካን ዣብራይሎቭን ገጥሞ እየመራ ነበር። ድንገት አሰልጣኙ ከዳር ሆኖ «አሊሬዛ፣ ተሸነፍ!» ብሎ ጮኸ። ያን ግጥሚያ ያሸነፈ ሰው ቀጥሎ የሚጠብቀው እስራኤላዊ ተጋጣሚ ነው። ኢራን ደግሞ ስፖርተኞቿ ከእስራኤል ተወዳዳሪ ጋር እንዲገጥሙ አትፈቅድም። ልጁ ለቀቀ። 14 ለ 3 ተሸነፈ።

የአገሩ ስፖርት ሚኒስቴር የጀግና ሥራ ነው ብሎ አሞገሰው። ዓለም አቀፉ የትግል ማኅበር ግን እሱን 6 ወር፣ አሰልጣኙን 2 ዓመት ከውድድር አገደ።

ፋርሶች ለታጋይ «ፓህላቫን» የሚል ቃል አላቸው። ግን ሰው ስለጣለ ብቻ አይሰጡትም። ሜዳሊያ ለሰበሰበው «ቃህራማን» ይሉታል። ፓህላቫን የሚባለው ጉልበቱ ከጨዋነት ጋር የተገኘለት፣ ለደካማ የሚቆም ሰው ነው። ታዲያ ካሪሚ ያን ቀን ፓህላቫን ነበር? እኔ አልነበረም እላለሁ። ጥፋቱን ግን በእሱ ላይ አላደርግም። ዕድሉን ነጥቀውታል። ሆን ብሎ መሸነፍ ክብር የሚሆነው ውሳኔው የራስ ሲሆን ነው። ከዳር በተጮኸ ትእዛዝ የተሸነፈ ሰው ምን ሰጠ ይባላል?

የወሎ ልጅ ከሪያድ፦
ወንድሜ፣ እኔ ያለሁበት አገር ቃሉን እንዴት እንደሚያውቁት ልንገርህ። ዐረቦች «በህለዋን» የሚሉት ሰርከስ ላይ የሚገለባበጠውን፣ በገመድ ላይ የሚሄደውን፣ ሰው የሚያስቀውን ነው። ፖለቲከኛ ለታይታ አንድ ነገር ሲሠራም «የበህለዋን ሥራ» ይሉበታል። ፋርስ ላይ ጀግና የነበረው ቃል ባሕሩን ሲሻገር አክሮባት ሆኗል። የቢድጎሽቹን ቪዲዮ ሳየው ትዝ ያለኝ ይሄኛው ትርጉም ነው። ልጁ ላይ አይደለም የምፈርደው። መንግሥታት ስፖርተኛን እንዲህ ገመድ ላይ እያስኬዱ ያጫውቱታል።

ግን አንድ ነገር አትርሱ። የኢራን ሰው ሁሉ ተገድዶ አይደለም እንዲህ የሚያስበው። ለፍልስጤም የሚቆረቆር፣ «እኔም ብሆን አልገጥምም» የሚል ስፖርተኛ ሞልቷል። እሱንስ ምን ልትለው ነው?

የታሪክ መምህር፦
በቃሉ ላይ ትንሽ ልጨምር። ሥሩ ፓርት ከሚባለው የጥንት ሕዝብ ስም ነው። የኢራን የመጨረሻው ንጉሣዊ ቤት ከ1925 እስከ 1979 የገዛበት «ፓህላቪ» የሚለው ስምም ከዚያው ይመዘዛል። ከኢራን ወጥቶ ብዙ አገር ዞሯል። ቱርኮች በየዓመቱ ኤዲርኔ ላይ ሰውነታቸውን ዘይት ተቀብተው፣ ከቆዳ የተሰፋ ሱሪ ታጥቀው ለሚታገሉት «ፔህሊቫን» ይላሉ። ካራቺ ብትሄዱ «ፔህልዋን» የሚል ሰሌዳ የተሰቀለበት ቤት ታገኛላችሁ። ገብታችሁ የምታገኙት የተሰበረ አጥንት የሚጠግን ሰው ነው፤ እኛ ወጌሻ የምንለው። ድሮ ታጋዮች ናቸው የወለቀ የሚመልሱት፣ ሙያው ከነስሙ እዚያው ቀረ።

ወደ ጥያቄው ልግባ። የኢራን ሚኒስቴር ካሪሚን ሲያሞግስ ከጀርባው አንድ የቆየ ታሪክ አለ። ፑሪያዬ ቫሊ የሚባል፣ ፓህላቫን ማህሙድ እያሉም የሚጠሩት፣ ቆዳ ሰፊ፣ ገጣሚና ታጋይ ነበር። በ1322 ሞተ። መቃብሩ ዛሬ ኡዝቤኪስታን ውስጥ ኺቫ ከተማ ነው። ትልቅ ሰማያዊ ጉልላት አለው። ስለ እሱ የሚተረከው እንዲህ ነው። በትግሉ ዋዜማ አንዲት አሮጊት እያለቀሰች ስትጸልይ ሰማ። ልጇ በማግሥቱ ከእሱ ጋር ነው የሚገጥመው፣ ከተሸነፈ ይጎዳል። ፑሪያ ለማንም ሳይናገር ሜዳ ወጣና ሆን ብሎ ወደቀ። ኢራን ውስጥ ይህን የማያውቅ ታጋይ የለም። ስለዚህ «አውቆ መሸነፍ» ለእነሱ ነውር አይደለም፤ እንዲያውም የፓህላቫንነት ጫፍ ነው። ይህን ካላወቅን ጉዳዩን በእኛ ሚዛን ብቻ ነው የምንመዝነው።

የሜዳው ሰው፦
መምህር፣ ያነሱት ታሪክ እኮ የእኔን ክርክር ነው የሚያጠናክረው። ፑሪያን ማን አዘዘው? ማንም። ማን አሞገሰው? በዚያን ቀን ማንም፤ ሕዝቡ ተሸነፈ ብሎ ነው የሄደው። ለማን ብሎ ወደቀ? ለአንዲት እናት። ካሪሚ ግን ለማን ነው የወደቀው? ለቢሮ።

ከሁለቱ አንዱን ብቻ ነው ፓህላቫን ብዬ የምጠራው።

ሯጭ ነበርኩ፦
እኔ ላስቁማችሁ። እኛ ኢትዮጵያውያን ይህን ጉዳይ ከሩቅ እንደምናይ አናውራ።

1976 ሞንትሪያል። ኒውዚላንድ የራግቢ ቡድኗን አፓርታይድ ወዳለበት ደቡብ አፍሪካ ልካለች ተብሎ ከሃያ በላይ የአፍሪካ አገሮች ኦሎምፒኩን ጥለው ወጡ። ኢትዮጵያም ወጣች። ምሩፅ ይፍጠር በዚያ ዓመት አልሮጠም። 5 ሺውንም 10 ሺውንም ፊንላንዳዊው ላሴ ቪረን ወሰደው። ምሩፅ አራት ዓመት ጠብቆ ሞስኮ ላይ ሁለቱንም ወርቅ አመጣ። እግዜር ይስጠው፣ እሱ ጉልበቱ ቆየለት።

1984 ሎስ አንጀለስ ሶቪየቶችን ተከትለን ቀረን። 1988 ሴኡል ከሰሜን ኮሪያ ጎን ቆምን ተብሎ ቀረን። በዚያው በ1988 ሚያዝያ ወር በላይነህ ዲንሳሞ ሮተርዳም ላይ ማራቶንን በ2:06:50 ሮጦ የዓለም ክብረ ወሰን ሰብሮ ነበር። ሰዓቱን አሥር ዓመት ማንም አልነካውም። ኦሎምፒክ ግን አልሄደም። እና እነዚህን ሰዎች ምን እንበላቸው? አገር አዘዘች፣ ታዘዙ። ካሪሚ ፓህላቫን ካልሆነ ምሩፅም በ1976 ጀግና አልነበረም ልትሉኝ ነው?

የሜዳው ሰው፦
አይደለም፣ ጋሼ። ልዩነት አለው። ሞንትሪያል ላይ አገር ራሷ በገሃድ «አንሳተፍም» ብላ ወጣች። ምክንያቱን ለዓለም ተናገረች። ማንም ምሩፅን «ገብተህ ሩጥና አራተኛ ውጣ» አላለውም። ካሪሚን ግን መድረክ ላይ አስገብተው ነው አስመስለህ ተሸነፍ ያሉት። አንዱ ተቃውሞ ነው። ሌላው ተመልካቹን ማታለል ነው፤ የልጁንም ላብ ማዋረድ ነው።

አሰልጣኝ፦
እኔ በዚህ አልስማማም፣ የሜዳው ሰው። ቀላል አድርገህ አየኸው። ሯጩ ቤቱ ቀርቶ የተነጠቀውና ታጋዩ ሜዳ ላይ ወድቆ የተነጠቀው ለእኔ አንድ ናቸው። ሁለቱም ዓመታት ለፍተዋል። ሁለቱንም ማንም አልጠየቃቸውም። በላይነህ ሴኡልን በቴሌቪዥን ሲያይ የተሰማው ካሪሚ ከተሰማው ያንሳል ያለህ ማነው?

እኔ ወጣቶች አሰለጥናለሁ። በአንድ ወቅት፣ የትኛው ውድድር እንደሆነ አልናገርም፣ «ይህን ጨዋታ ልቀቁላቸው» የሚል መልእክት መጥቶልኝ ነበር። ልጆቹን ሰብስቤ ነገርኳቸው፤ የሚወስኑት እናንተ ናችሁ አልኳቸው። ገብተው ተጫወቱ፣ ያለ ማንም ግፊት ተሸነፉ። ይህን የማነሳው አንድ ነገር ለማለት ነው። አሰልጣኝ ሲታዘዝ ያንን ወደ ልጁ ማስተላለፍ ወይም እዚያው ማቆም ይችላል። የቢድጎሽቹ አሰልጣኝ አስተላለፈ። ሥራውን ሊያጣ፣ ምናልባትም ከዚያ የባሰ ሊደርስበት እንደሚችል ይገባኛል። ግን ስለ ፓህላቫን ስናወራ ሁላችንም ልጁን ነው የምናየው። እኔ አሰልጣኙን ነው የማየው።

ከሃይፋ፦
እኔ እስራኤል ነው የምኖረው፣ ስለዚህ በአንድ ወገን እንደምቆም ታስቡ ይሆናል። ይሁን። ግን ከወዲያኛው በኩልም ሰው እንዳለ አትርሱ። ያ ቀጣዩ ተጋጣሚ ኡሪ ካላሽኒኮቭ ይባላል። እሱም ለፍቶ፣ ክብደት ቀንሶ፣ ሊታገል ነው የሄደው። መንግሥት አልወከለም፣ ጦር አላዘመተም። ከእሱ ጋር መግጠም ኃጢአት ተደርጎ ሲቆጠር ምን ይሰማዋል?

ሰኢድ ሞላኢን አስቡት። ኢራናዊ ጁዶ ተወዳዳሪ ነው። በ2019 ቶኪዮ የዓለም ሻምፒዮና ላይ እስራኤላዊው ሳጊ ሙኪን እንዳያገኝ ከውድድሩ ውጣ ተባለ። በግማሽ ፍጻሜው ተሸነፈ፣ ከዚያ ወደ አገሩ አልተመለሰም፤ ጀርመን ገባ። በኋላ ለሞንጎሊያ ተሰልፎ በቶኪዮ ኦሎምፒክ ብር አገኘ። ከዚያ በፊት በየካቲት 2021 ቴል አቪቭ መጥቶ ተወዳድሯል፣ እዚያም ብር። ከሙኪ ጋር ጓደኛሞች ናቸው። ለእኔ ፓህላቫን እሱ ነው። «አልታዘዝም» ለማለት አገሩን፣ ቤተሰቡን ጥሎ ከወጣ ሰው በላይ ማን ይባላል?

የወሎ ልጅ ከሪያድ፦
ወንድሜ፣ ስለ ተጋጣሚው ያልከው ልክ ነው፣ ሰው ነው። ግን «መንግሥት አልወከለም» ማለት አትችልም። ደረቱ ላይ ባንዲራ አለ። ሲያሸንፍ መዝሙር ይዘመራል። ደቡብ አፍሪካ ላይ ዓለም ሲያድም የተጎዱት ነጭ ስፖርተኞችም ለፍተው ነበር፤ ዛሬ ግን ያን ማዕቀብ ስህተት ነበር የሚል አላገኘሁም። ስለዚህ አልገጥምም ማለት በራሱ ነውር አይደለም። በገሃድና በፈቃድ ከሆነ።

ዴልሂ የተማረው፦
ስለ ሕንድ ላንሳ፣ ለጥያቄው ይጠቅማል። እዚያ «ፔህልዋን» የሚባለው በጭቃ ጉድጓድ፣ «አካራ» ውስጥ የሚሠለጥነው ነው። በተለምዶ ግን ሰፈር ውስጥ ጡንቻ ላለው ጉልበተኛም ይሉታል። የፖለቲካ ሰዎች ምርጫ ሲመጣ እንዲህ ዓይነቱን ሰው ከጎናቸው ያሰልፋሉ። ያንን ስታዩ ቃሉ ምን ያህል ሊወርድ እንደሚችል ይገባችኋል።

በ2023 ደግሞ ወደ ላይ ወጣ። ሴት ታጋዮች፣ ቪኔሽ ፎጋትና በኦሎምፒክ ነሐስ ያገኘችው ሳክሺ ማሊክ፣ ከወንዶች ደግሞ ባጅራንግ ፑኒያ፣ ዴልሂ ጃንታር ማንታር አደባባይ ላይ ለሳምንታት መንገድ ላይ ተኙ። የሕንድ ትግል ፌዴሬሽን ኃላፊ በሴት ታጋዮች ላይ ጾታዊ ትንኮሳ ይፈጽማል ብለው ነው፤ እሱ አላደረግኩም ይላል። በግንቦት መጨረሻ ሜዳሊያዎቻቸውን ጋንጀስ ወንዝ ሊጥሉ ሃሪድዋር ድረስ ሄዱ፣ የገበሬ መሪዎች ለምነው አስቆሟቸው። በዓመቱ መጨረሻ ለቦታው የኃላፊው የቅርብ ሰው ሲመረጥ ሳክሺ የትግል ጫማዋን አውልቃ ጋዜጠኞች ፊት ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠች። «በቃኝ» አለች። ያቺ ሴት አንድም ጨዋታ አልለቀቀችም። ሙያዋን ግን ለቀቀች፣ በራሷ ውሳኔ። ቃሉ በወንድ ፆታ ነው የሚነገረው፤ እኔ ግን ከሁሉም በላይ ለእሷ ነው የምሰጠው።

የታሪክ መምህር፦
ስለ ኢራን አንድ ሰው ሳይነሳ ይህ ክርክር አይዘጋም። ጎላምሬዛ ታኽቲ። በ1956 ሜልቦርን ወርቅ አምጥቷል። በ1962 ቦኢን ዛህራ ላይ ርእደ መሬት ሲደርስ ቴህራን መንገድ ላይ እየዞረ ለተጎጂ እርዳታ ሰበሰበ፤ ሕዝቡ የያዘውን እየሰጠ ተከተለው። በዚያው ዓመት አሜሪካ፣ ቶሌዶ ከተማ በዓለም ሻምፒዮና ላይ ከሶቪየቱ ታጋይ ሜድቬድ ጋር ሲገጥም፣ የሜድቬድ ቀኝ ጉልበት መጎዳቱን ሰምቶ ያንን እግር አልነካም ይባላል። ወርቁን አላገኘም። በጥር 1968 ቴህራን ሆቴል ውስጥ ሞቶ ተገኘ። ራሱን አጠፋ ተባለ፣ ብዙ ሰው ግን የሻሁ የጸጥታ ሰዎች እጅ አለበት ብሎ ያምናል።

ታኽቲም «ጥቅሙን ሰጠ» ነው የሚባለው። ማንም ግን «ጉልበቱን አትንካ» ብሎ ከዳር አልጮኸለትም። የሜዳው ሰው፣ በዚህ ነጥብ እስማማለሁ። የማልስማማው ካሪሚን ከዝርዝሩ መፋቅህ ላይ ነው። በ21ኛው ክፍለ ዘመን ያለ አንድ ወጣት ላይ የፑሪያን ሸክም ጭነህ «አልሞላህም» ማለት ግፍ ነው።

የሜዳው ሰው፦
አልፋቅኩትም፣ መምህር። ያን ቀን አልነበረም ነው ያልኩት። ልጁ እኮ ራሱ ለኢራን መገናኛ ብዙኃን ሲናገር ዓለም የተደፋችበት እንደመሰለው ነው የገለጸው። ሥልጠናው ሁሉ ከንቱ ሲሆንበት ይታያችሁ። እገዳውን ጨርሶ ተመለሰ፤ በ2018 ቡዳፔስት የዓለም ሻምፒዮና በ92 ኪሎ ነሐስ፣ በ2019 ኑርሱልጣን ብር አመጣ። ይህ የሚያኮራ ነው።

በዚያ ሁሉ ግርግር ውስጥ ለእኔ ከፍ ብሎ የታየኝ ግን ራሱል ኻደም ነው። በ1996 አትላንታ ወርቅ ያገኘ ታጋይ፣ ያኔ የኢራን ትግል ፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት። ስፖርተኛን ተሸነፍ ብሎ ማስገደድ፣ ወይም ላለመግጠም ሰበብ የሚሆን የሐኪም ወረቀት ፍለጋ ሌሊቱን ሙሉ ማንከራተት ትክክል አይደለም ብሎ በአደባባይ ተናገረ። የአገሪቱ ፖሊሲ ይህ ከሆነ የሚወስኑት ሰዎች ራሳቸው ወጥተው ይናገሩ፣ ኃላፊነቱን ይውሰዱ አለ። ሰሚ ሲያጣ በ2018 መጀመሪያ ሥልጣኑን ለቀቀ።

ሯጭ ነበርኩ፦
እኛስ አገር በ1988 እንደዚህ ያለ ኃላፊ ነበረን? ነበረ የምትሉ ስሙን ጻፉልኝ። በዚያ ዘመን ጫማችንን ሰቅለን የተቀመጥን ሰዎች ይህን ጥያቄ እስከ ዛሬ እንጠይቃለን። መግለጫ አልፈልግም። አንድ ሰው መጥቶ «ይህን ያህል ዓመት ለፋችሁ፣ የወሰንነው እኛ ነን፣ ምክንያቱ ይህ ነው» እንዲለን ነበር የምፈልገው።