የተውኔትና የግጥም ምሽት፦ የጋራ ምክረ ሐሳብ ላይ የተደረገ የዕቅድ ውይይት

የማኅበሩ ጸሐፊ፦ የተከበራችሁ አባላት፣ በተሰጠኝ አደራ መሠረት የተውኔት ክፍሉና የግጥም ክፍሉ በጋራ ለሚያቀርቡት ምሽት የመጀመሪያውን ረቂቅ አዘጋጅቻለሁ። ርእሱ «የሰው ሆድ፣ የወፍ ወንድ» ነው፤ ሰው የሌላውን ሰው ውስጥ እስከ ምን ድረስ ማወቅ እንደሚችል ይጠይቃል። ከተውኔት ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሰውን የሼክስፒርን «ኦቴሎ»፣ ከግጥም ደግሞ ሰምና ወርቅን መርጫለሁ፤ ሁለቱም የተደበቀ ነገር ስላላቸው ይጣጣማሉ ብዬ አምናለሁ። እባካችሁ አርሙኝ።

የግጥም ክፍል አባል፦ ጸሐፊያችን ስለ ድካምዎ አመሰግናለሁ፤ «ሁለቱም የተደበቀ ነገር አላቸው» የሚለው ግን እንዲሁ እንዲያልፍ አልፈልግም። ባለቅኔ ወርቁን የሚሸሽገው ፈልጎ የሚያገኘው ሰሚ እንዳለ አውቆ ነው። ለማሳያ ራሴ የሞከርኳትን ላቅርብ፣ ሊቃውንት ቢነቅፏት አልቀየምም፦

ገብቼ አይቻለሁ ሣጥኗንም ከፍቼ፣
ልብስ አላገኘሁም ሌላውን አይቼ።

ሰሙ የሚለበሰው ነው፤ «ብ» ጠብቆ ሲነበብ ግን «ልብን ግን አላገኘሁም» የሚለው ወርቅ ይወጣል። ፊደላችን መጥበቅና መላላትን ስለማይለይ በወረቀት ላይ ሁለቱም አብረው ይኖራሉ። አንባቢው ቢዘገይም ይደርስበታል። ኦቴሎ ውስጥ እንዲህ ያለ ወርቅ አለ ወይ?

የተውኔት ክፍል አባል፦ ጋሼ ያነሡትን ነጥብ እቀበላለሁ፤ እንዲያውም ምሽቱ በዚህ ልዩነት ላይ ቢቆም ይሻላል። በሦስተኛው ገቢር የኦቴሎ ሚስት ዴዝዴሞና የባሏን ግንባር በመሐረቧ ልታስርለት ስትል መሐረቡ ይወድቃል፤ አገልጋይዋ ኤሚሊያ አንሥታ ለባሏ ለኢያጎ ትሰጠዋለች፤ እርሱም ዴዝዴሞና ከኦቴሎ ምክትል ከካሲዮ ጋር ትማግጣለች ብሎ ኦቴሎን ለማሳመን ይጠቀምበታል። ተመልካቹ ይህን ሁሉ በዓይኑ ስላየ፣ ዓይኔ ያየው ማስረጃ ይምጣልኝ እያለ የሚጮኸውን ኦቴሎን ከላይ ሆኖ ይታዘበዋል። መጨረሻው ላይ ግን ኦቴሎ፣ ይህ ሰው ነፍሴንና ሥጋዬን ለምን እንዲህ እንዳጠመደ ጠይቁልኝ ሲል፣ ኢያጎ ምንም አትጠይቁኝ፣ ከእንግዲህ ቃል አልናገርም ብሎ አፉን ይዘጋል። ቀደም ሲል ሹመቱ ለካሲዮ መሰጠቱን፣ ቀጥሎም በሚስቱ ላይ የተወራውን ሐሜት በምክንያትነት ሲደረድር ሰምተነዋል፤ ሆኖም አንዱም ለሠራው ሥራ አይበቃም፣ እኛም ከኦቴሎ እኩል ሜዳ ላይ እንቀራለን። ሰሙ ተገፎ ሲያልቅ ወርቅ የለም።

ርእሱንም እቃወማለሁ። ተረቱ ጥፋቱን የዴዝዴሞና ሆድ ላይ ይጥለዋል፤ እርሷ ግን የልቧን በቬኒስ ሹማምንት ፊት፣ አባቷም ባለበት፣ በግልጽ ተናግራለች። ቃሏን መስማት ትቶ በመሐረብ የፈረደ ባሏ ነው።

የማኅበሩ ጸሐፊ፦ ተሸንፌአለሁ። ርእሱ «ልብስ» ይሁን፤ ማስታወቂያው ላይ ሦስቱ ፊደላት ብቻ ይጻፉ። የልብስ ሽያጭ መስሎት የሚመጣ እንግዳ ቢኖርም በሩን አንዘጋበትም። ስለ ሰምና ወርቅ ያቀድኩትን የአርባ ደቂቃ ገለጻ ሰርዤዋለሁ፤ በምትኩ ጋሼ ስንኞቹን ያነባሉ።

የግጥም ክፍል አባል፦ አላነብም። ድምፄ ከሁለቱ አንዱን መምረጥ ግድ ስለሚሆንበት፣ አፌን በከፈትኩበት ቅጽበት ወይ ሰሙ ወይ ወርቁ ይጠፋል። መጀመሪያ ስንኞቹ ግድግዳው ላይ በትልቁ ይታዩ፤ ታዳሚው በልቡ ካነበበ በኋላ ሁለት ሰዎች፣ አንዱ አጥብቆ ሌላው አላልቶ፣ ተከታትለው ያንብቡት።

የተውኔት ክፍል አባል፦ እስማማለሁ። ከኢያጎ የመጨረሻ ቃል በኋላ ደግሞ መብራቱ ሳይጠፋ መድረኩ አንድ ሙሉ ደቂቃ ዝም እንዲል፣ ኢያጎን የሚጫወተውም ፊቱን ወደ ታዳሚው አዙሮ እንዲቆም በረቂቁ ይግባልኝ። ደቂቃው ይረዝማል የሚል አባል ካለ፣ ከመጀመሪያው ልምምድ በፊት ያሳውቀኝ።