የ«ጃጋ ጃሱስ» ዘፈኖች ለምን አይሰለቹም?

ጠያቂ፦ የህንዳዊውን ዳይሬክተር የአኑራግ ባሱን «ጃጋ ጃሱስ» ፊልም ሰሞኑን ድጋሚ አየሁት። እ.ኤ.አ. በ2017 ሲወጣ ገበያው አልቀናውም። ዘፈኖቹ ግን እስካሁን ከጆሮዬ አልወጣ አሉ። እናንተስ?

መልስ 1፦ ዘፈኑ ማድመቂያ አይደለማ! ራንቢር ካፑር የሚጫወተው ልጅ ሲናገር ይንተባተባል፤ ሲዘፍን ግን አንደበቱ ይፈታል። ወንጀል የሚመረምረውም እየዘፈነ ነው። ዜማውን ካወጣችሁት ልጁ ዝም አለ ማለት ነው።

መልስ 2፦ ልክ ነሽ፤ ግን ሦስት ሰዓት ሊሞላ ምን ቀረው? ሁለተኛው አጋማሽ ላይ እንቅልፍ ወሰደኝ። አሁን ፊልሙን ትቼ ዘፈኖቹን ብቻ ነው የምሰማው፣ ያውም ልብስ ሳጥብ።

ጠያቂ፦ ሃሃ! የዜማው ደራሲ ፕሪታም እ.ኤ.አ. በ2018 የህንዱን የፊልም ሽልማት የፊልምፌርን የሙዚቃ ሽልማት የወሰደው በዚሁ ፊልም ነው። አሪጂት ሲንግና አሚት ሚሽራ የዘፈኑትን «ጋልቲ ሴ ሚስቴክ» ክፈተውና እያጠብክ አትጨፍር እስቲ!