በርቀት ፒችትሪ የምንከፍትበት ፕሮግራም «ዲኤልኤል አልተገኘም» ይለኛል፣ እባካችሁ ቶሎ!

ትዕግሥት የለኝም፦ ጤና ይስጥልኝ። ሐዋሳ ቅርንጫፍ ነው የምሠራው። ፒችትሪው (የሂሳብ ፕሮግራማችን) ያለው አዲስ አበባ ዋናው መሥሪያ ቤት ሰርቨር ላይ ነው፣ እኛ ከዚህ ሆነን በርቀት ነው የምንከፍተው። ትናንት ደህና ነበር። ዛሬ ጠዋት ስከፍተው «ቪሲራንታይም 140 ዲኤልኤል አልተገኘም» ይልና ይዘጋል። አንዱ የሰርቨሩን ፋይል አጥፍቶት መሰለኝ። ነገ ሰኔ 30 ነው፣ ሂሳብ እየዘጋን ነው፣ አይቲያችን ደግሞ ስልክ አያነሳም። የሚያውቅ ካለ ዛሬውኑ ይድረስልኝ።

ኬብል በጣሽ፦ ሪስታርት አድርገሽዋል?

ትዕግሥት የለኝም፦ ከጠዋት ጀምሮ ሌላ ምን ሠራሁ።

አባ መላ፦ እህቴ፣ መጀመሪያ ጥያቄ እንዴት እንደሚጠየቅ እንነጋገር። ዊንዶውስሽ ስንት ነው? 32 ቢት ነው 64? ክላየንቱ፣ ማለትም ላፕቶፕሽ ላይ ሆኖ ከሰርቨሩ ጋር የሚያገናኝሽ ፕሮግራም፣ ስሙ ማነው? «ፕሮግራም» ብቻ ብሎ እርዳታ መጠየቅ ሐኪም ቤት ሄዶ «አመመኝ» ብሎ ዝም እንደማለት ነው። ሲቀጥል፣ ዲኤልኤል ምን እንደሆነ ማወቅ አለብሽ። ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚጠቀሙበት የኮድ ፋይል ነው። እያንዳንዱ ፕሮግራም የራሱን ይዞ ከሚዞር አንድ ቦታ ይቀመጥና ሁሉም ሲያስፈልገው ይጠራዋል። ቪሲራንታይም 140 ደግሞ በፈረንጅ ከ2015 ወዲህ በወጣው ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ (የማይክሮሶፍት ፕሮግራም መሥሪያ) የተሠሩ አብዛኞቹ ፕሮግራሞች ገና ሲነሱ የሚጠሩት ነው። እሱ ከሌለ ክላየንትሽ አንድ መስኮት እንኳ ሳያሳይ ይወድቃል።

ኬብል በጣሽ፦ አባ መላ፣ ፈተናው መቼ ነው?

የሰባራ ባቡሩ፦ ዝም ብለሽ የፋይሉን ስም ጎግል አድርጊው። ዲኤልኤል በነፃ የሚያስወርዱ ሳይቶች ሞልተዋል። አውርደሽ ሲስተም 32 ውስጥ ክተቺው። እኔ ሁሌ እንደዛ ነው የማደርገው።

ሰርቨር ክፍል፦ ኧረ እንዳታደርጊው! ከማን እንደመጣ የማይታወቅ ፋይል ዊንዶውስ ሆድ ውስጥ አይከተትም። ደግሞ ሰርቨሩ ምንም አልሆነም። አንቺ እኮ ሰርቨሩ ጋ ገና አልደረስሽም። ያንን መልእክት የሚያወጣው ያንቺው ላፕቶፕ ነው፣ የጠፋውም እዛው ነው። ሌሎቹ የቅርንጫፉ ሰዎች እየገቡ ነው?

ትዕግሥት የለኝም፦ አጠገቤ ያለችው ገብታ እየሠራች ነው። የሰባራ ባቡሩ ያለውን ግን ሞክሬው ነበር። አሁን መልእክቱ ተቀየረ። «በትክክል መነሳት አልቻለም» ይልና ረጅም ቁጥር ያመጣል፣ መጨረሻው 7 ቢ የሆነ።

የሰባራ ባቡሩ፦ ያው፣ ለውጥ አለ ማለት ነው 😂

ሰርቨር ክፍል፦ ያ ቁጥር ባለ 32 ቢትና ባለ 64 ቢት ፋይል ሲደባለቅ የሚመጣ ነው። ክላየንትሽ ባለ 64 ነው፣ ያወረድሽው ባለ 32 ነው። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም 32 የሚባለው ፎልደር የሚይዘው ባለ 64ቶቹን ነው፣ ባለ 32ቶቹ ያሉት ደግሞ ሲስዋው 64 በሚባለው ውስጥ። የስሙን ነገር ማይክሮሶፍትን ጠይቁ።

አሁን የምታደርጊው ይሄ ነው። የከተትሽውን ፋይል አጥፊው፣ አንቲቫይረስም አስኪጂ። ከዛ ራሱ ማይክሮሶፍት ሳይት ግቢና ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል የሚለውን ፈልጊ፣ የጠፋብሽን ዲኤልኤል የሚጭነው ጥቅል እሱ ነው። ከ2015 እስከ 2022 ላሉት አንዱ ጥቅል ይበቃል። ኤክስ 86 (ባለ 32ቱ) እና ኤክስ 64 (ባለ 64ቱ) የሚሉ ሁለት አሉ፣ ሁለቱንም ጫኚ። ተደምረው 50 ሜጋ አይሞሉም፣ በስልክሽ ዳታ ይወርዳል። «ቀድሞ ተጭኗል» ካለሽ ሪፔር የሚለውን ንኪ። ክላየንቱን ግን አታጥፊው፣ የሰርቨሩ አድራሻ ከነቅንብሩ ሊጠፋብሽ ይችላል፣ አይቲያችሁ ደግሞ ስልክ አያነሳም ብለሻል።

አባ መላ፦ ኤስኤፍሲ ስካን ማስኬድም ይቻላል። ካልሆነ ፋይሉን በሬግኤስቪአር 32 ማስመዝገብ።

ሰርቨር ክፍል፦ ሁለቱም እዚህ አይሠሩም አባ መላ። ኤስኤፍሲ የሚጠግነው የዊንዶውስን የራሱን ፋይሎች ነው፣ ይሄ ለብቻው የሚጫን ነው። ሬግኤስቪአርም ለመመዝገብ ተብለው ለተሠሩ ዲኤልኤሎች እንጂ ለዚህ አይሆንም፣ ስህተት ነው የሚመልስልሽ። ይልቅ ሰሞኑን ላፕቶፑ ላይ ፕሮግራም ያጠፋ ሰው አለ?

ሱቅ በደረቴ፦ ሰላም እህቴ፣ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ጫኚ፣ ይስተካከላል።

ኬብል በጣሽ፦ ወንድሜ፣ ከላይ ያለውን ማንበብ በብር ነው እንዴ?

ጨረቃ ቤት፦ እኔ የማይገባኝ ክላየንት ምን ያደርግላችኋል? የሰርቨሩን 3389 ፖርት (የሪሞት ዴስክቶፕ መግቢያ በር) ከፍቶ በዊንዶውሱ በራሱ ሪሞት ዴስክቶፕ መግባት እያለ።

ሰርቨር ክፍል፦ ለዓለም ሁሉ ክፍት አድርጎ? ሰኔ 30 ላይ ፋይል ቆልፎ ገንዘብ የሚጠይቅ ራንሰምዌር ይግባላት?

ከዱባይ፦ እህቴ፣ ሥራው ለነገ ከሆነ ጥገናውን ትተሽ መጀመሪያ ሥራሽን ጨርሺ። ዋናው መሥሪያ ቤት የዌብ መግቢያ ካለው በብሮውዘር ክፈቺው፣ ክላየንቱም ዲኤልኤሉም አያስፈልግም፣ ፕሪንት ላይ ብቻ ትንሽ ሊያንገራግርሽ ይችላል። እሱ ከሌለ አጠገብሽ ያለችው ለምሳ ስትወጣ በእሷ ኮምፒውተር ላይ በራስሽ ስምና የይለፍ ቃል ግቢ። የሠራሽው ሁሉ ሰርቨሩ ላይ ነው ያለው፣ ላፕቶፕሽ ላይ ምንም የለም።

ትዕግሥት የለኝም፦ ቆይ ቆይ። ልጄን ደውዬ ጠየቅሁት። ትናንት ማታ ለጌም ቦታ ጠበበኝ ብሎ ፕሮግራም ሲያጠፋ ነበር። «አንድ ዓይነት ስም ያላቸው፣ ዓመታቸው ብቻ የሚለያይ ብዙ ማይክሮሶፍቶች ነበሩ፣ የተደጋገሙ መስለውኝ» አለኝ። ለካ እነዚሁ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላሶች ናቸው። አሁን እያወረድኩ ነው።

ኬብል በጣሽ፦ ልጁን እንዳትቆጪው፣ ዝርዝሩን ላየው የተደጋገመ ነው የሚመስለው። እኔም ጣቴ በልቶኝ ያውቃል።

አዲስ ገቢ፦ ይቅርታ ክሩ ላይ ልግባና፣ የኔም ተመሳሳይ ነው። ግን ኤምኤስቪሲአር 120 ነው የሚለኝ። ሰርቨር ክፍል ያለውን ሁለቱንም ጫንኩ፣ ያው ነው።

ሰርቨር ክፍል፦ 120 የ2013ቱ ነው፣ ለብቻው ይጫናል። 100 የ2010፣ 110 የ2012። አዲሱ ስላለ አሮጌው አያስፈልግም ማለት አይደለም፣ ዝርዝሩ የሚረዝመውም ለዚህ ነው። አሁንም ኤክስ 86ንም ኤክስ 64ንም።

አዲስ ገቢ፦ ሠራ! ተባረክ።

አባ መላ፦ የዊንዶውስህን ቁጥር ግን አልነገርከንም።