ዘንዘልማ በኩል ያገኘናት እባብ ራትልስኔክ ናት ወይስ እፉኝት?

የጣና_ዳር_ልጅ፦
ሰላም ቤተሰብ። የቤተሰቦቼ እርሻ ዘንዘልማ በኩል ነው፣ ሰሞኑን ሳር እያጨድን ካቡ ስር አንድ እባብ አገኘን። አጠር ብላ ወፍራም ናት፣ ጭንቅላቷ ሰፊ፣ ጀርባዋ ላይ ቡኒና ቢጫ የቀስት ጫፍ የሚመስል መስመር አላት። የገረመኝ ሰው ሲቀርባት አትሸሽም፣ እዛው ተጠቅልላ ሰውነቷን ነፍታ ፉፉፉ ትላለች፣ ድምጿ ከሩቅ ይሰማል። ታናሽ ወንድሜ ቲክቶክ ላይ አይቶ "ይቺ ድምፅ የምታሰማዋ ራትልስኔክ ናት" ይላል፣ አባባ ደግሞ እፉኝት ናት ብለው በዱላ ገደሏት። ሆዷ ሲፈነዳ ታዲያ ውስጧ እንቁላል ሳይሆን የሚንቀሳቀሱ ትንንሽ እባቦች! አባባ እንዳሉት እፉኝት ስትወልድ ልጆቿ ሆዷን ቀደው ነው የሚወጡት፣ እሷም እዛው ትሞታለች፣ "የእፉኝት ልጅ" የሚባለውም ለዛ ነው። እውነት ነው? ራትልስኔክስ እኛ አገር አለ? ደግሞ እዛ ሜዳ ላይ ልጆች ከብት ይጠብቃሉ፣ ብትነድፍብን ምንድነው የሚደረገው? የምታውቁ በናታችሁ በደንብ ንገሩኝ።

ባዮሎጂ_ባህርዳር፦
ወንድሜ ራትልስኔክ አፍሪካ ውስጥ የለም። ከ30 በላይ ዝርያ አላቸው፣ ሁሉም የሚኖሩት አሜሪካ አህጉር ላይ ነው፣ ከደቡብ ካናዳ ጀምሮ እስከ አርጀንቲና ድረስ። ድምፃቸውም ከአፍ ሳይሆን ከጭራ ጫፍ ነው የሚወጣው። እዛ ላይ ከኬራቲን የተሠሩ፣ ጥፍራችንም የተሠራው ከሱ ነው፣ እርስ በርስ የተቆላለፉ ቀለበቶች አሉ፣ ውስጣቸው ባዶ ነው ፍሬ ምናምን የለውም፣ በሰከንድ ከ50 ጊዜ በላይ ስታርገበግባቸው እየተጋጩ እንደ ጽናጽል ይንሿሿሉ። ቆዳዋን በቀየረች ቁጥር አንድ ቀለበት ይጨመራል፣ ግን በዓመት ከአንዴ በላይ ስለምትቀይርና ጫፉም እየተሰበረ ስለሚወድቅ ዩቱብ ላይ እንደሚሉት ቀለበት ቆጥሮ ዕድሜዋን ማወቅ አይቻልም።

እንደገለጽካት ከሆነ አባትህ ልክ ናቸው፣ እፉኝት ናት። ከራትልስኔክ ጋር በእርግጥ ዘመዳሞች ናቸው፣ ሁለቱም አፋቸውን ሲዘጉ ወደ ኋላ የሚታጠፍ ረጅም የመርዝ ጥርስ አላቸው። ልዩነቱ ራትልስኔክ በዐይኗና በአፍንጫዋ መሀል ሙቀት የምትለይበት ትንሽ ጉድጓድ አላት፣ ድቅድቅ ጨለማ ውስጥ አይጧን በሰውነቷ ሙቀት ታገኛታለች። የእኛዋ ይሄ የላትም፣ ሥራዋ ተደብቆ መጠበቅ ነው፣ ቀለሟ ከደረቅ ሳርና ቅጠል ጋር አንድ ስለሆነ ባለመንቀሳቀሷ ነው የምትተማመነው፣ አደጋዋም እዚህ ጋ ነው፣ ሌላው እባብ ኮቴ ሲሰማ ይሄዳል እሷ ግን እዛው ስለምትቆይ ሰው ይረግጣታል። ስትነድፍ ደግሞ በጣም ፈጣን ናት፣ እንደ አካሄዷ እንዳይመስልህ።

ስለ ልጆቿ፦ እንቁላሉ ሆዷ ውስጥ ነው የሚያድገው፣ ልጆቹ በስስ ሽፋን ተጠቅልለው በተፈጥሮ መውጫዋ ይወጣሉ። የሚቀዱት ያንን ሽፋን ነው እንጂ የእናታቸውን ሆድ አይደለም፣ እናትየዋም አትሞትም ሌላ ጊዜም ትወልዳለች። አባቶቻችን እንደዛ ቢሉ ግን አይፈረድባቸውም፣ በዱላ ተመታ ሆዷ ሲፈነዳና ልጆቹ ሲወጡ ያየ ሰው ሌላ ምን ሊያስብ ይችላል? ብዙ ጊዜ ከ20 እስከ 40 ትወልዳለች፣ ከኬንያ ተወስዳ ቼክ አገር መካነ እንስሳት ውስጥ የነበረች አንዷ 156 ወልዳለች። ልጆቹም ከተወለዱበት ሰዓት ጀምሮ መርዝ አላቸው፣ ትንሽ ናት ብላችሁ በእጅ እንዳትነኩ።

አያ_ደንገሉ፦
ሳይንሱን ሰማን ጥሩ ነው፣ ግን ልጅ ያለው ሰው ቆሞ ያያታል እንዴ? እባብ ግደል ከነበትሩ ገደል ይላሉ አባቶች። እኛ ደንገል ስናጭድ አርጃኖም ዘንዶም ያጋጥመናል፣ አርጃኖ በጭራው ከመታ መርዝ አለው ይላሉ፣ እስስትም ከነከሰች አያድንም ይባላል፣ እስቲ ስለነዚህም ንገረን።

ነርስ_ሰላም፦
እኔ ስለ ንድፊያው ልመልስ፣ እባካችሁ ይሄን ለእረኞቹም ንገሯቸው። የተነደፈ ሰው በምላጭ አይበጣም፣ ቁስሉ በአፍ አይመጠጥም፣ እግሩም በገመድ ጥብቅ ተደርጎ አይታሰርም። የእፉኝት መርዝ ሥጋ ነው የሚገድለው፣ እግሩ ያብጣል ውሃ ይቋጥራል ይጠቁራል፣ በዛ ላይ አስራችሁ ደም ስትከለክሉት ሊድን የሚችል እግር ይቆረጣል። ጥቁር ድንጋይ የሚባለውም መርዝ አይመጥም፣ ሰዓት ነው የሚበላው፣ ሰዓት ደግሞ ሕይወት ነው እዚህ ጋ። የሚደረገው ይሄ ነው፦ እብጠቱ ሳይጀምር ቀለበት አምባር ጫማ ማውለቅ፣ የተነደፈውን እጅ ወይ እግር በእንጨት ደግፎ እንዳይንቀሳቀስ ማድረግ፣ ልጁን ሳያስሮጡ በቃሬዛም በባጃጅም ቀጥታ ሆስፒታል።

መርዙ እንደ እባቡ ይለያያል። ኮብራ ከሆነች እብጠቱ ትንሽ ሆኖ የዐይን ቆቡ ይወርዳል፣ መዋጥና መተንፈስ ያቅተዋል። መተማና ሁመራ ሰሊጥ ሊያጭዱ የሚወርዱ ልጆችን የምትነድፈው ትንሿ ካርፔት ቫይፐር ደግሞ ደም እንዳይረጋ ታደርጋለች፣ ከድድ ይደማል፣ ምርመራው ቀላል ነው ደሙን ንጹሕ ደረቅ የብርጭቆ ቱቦ ውስጥ 20 ደቂቃ አስቀምጠን ካልረጋ እናውቃለን። ማርከሻው የሚሠራው ፈረስ ላይ ትንሽ ትንሽ መርዝ ተወግቶ ከደሙ በሚወጣው ነው፣ ለየእባቡ መስማማት አለበት፣ ለህንድ እባቦች የተሠራው ለእኛዎቹ አይሆንም። ለአፍሪካ ይሠራ የነበረ ጥሩ መድኃኒት ነበር፣ በ2014 እ.ኤ.አ. አምራቹ አያዋጣኝም ብሎ አቆመ። የዓለም ጤና ድርጅት ራሱ በዓመት ከ81,000 እስከ 138,000 ሰው በእባብ ይሞታል ይላል፣ አብዛኛው ገበሬና እረኛ ነው፣ የሚገዛው ሀብታም ስለሌለ መድኃኒቱ ይጠፋል፣ ይሄ በጣም ነው የሚያሳዝነኝ።

ባዮሎጂ_ባህርዳር፦
አያ፣ ልጅ ያለበት ግቢ ውስጥ ከገባች የሚሉትን እረዳለሁ፣ ሜዳ ላይ ያለችውን ግን ቢተዋት ይሻላል፣ ጎተራዎን የሚጨርሰውን አይጥ የምትበላው እሷ ናት፣ ደግሞም ብዙ ሰው የሚነደፈው ሊገድላት ሲጠጋ ነው። ዘንዶ መርዝ የለውም፣ ጠምጥሞ ነው የሚገድለው። አርጃኖ ጭራው ላይ መርዝ የለውም፣ ምቱ ግን ያማል ጥፍሩም ይቧጭራል። እስስት ምንም አታደርግም፣ ምስኪን ናት፣ ልጆች ባይገድሏት ደስ ይለኛል።

የጣና_ዳር_ልጅ፦
እግዜር ይስጥልኝ ሁላችሁም። አንድ ጥያቄ ቀረኝ፣ የገደልናትን ካቡ ላይ ነው የጣልናት፣ ጭንቅላቷ ተቆርጧል፣ ትንንሾቹ ልጆች በእንጨት ሲነካኩት ነበር፣ ችግር አለው?

ነርስ_ሰላም፦
አዎ አለው! የተቆረጠ የእባብ ጭንቅላት ለተወሰነ ጊዜ ሲነኩት በራሱ ሊነክስ ይችላል፣ መርዙም ጥርሱ ውስጥ አለ። በአካፋ አንስታችሁ ጥልቅ አድርጋችሁ ቅበሩት፣ ካቡ ውስጥም በሕይወት የወጡ የእባቧ ልጆች እንዳሉ አይታችሁ ነው እጅ የምትሰዱት።